በባላ የመጣው ባል

ሰዉ ሁሉ አልባሿ ይላታል፤ ሥራዋ ሶፋ ማልበስ ነው። ስፕሪንጉ የወጣ፣ ድመት የቧጨረው፣ ሕፃን የሸናበት ወንበር ሁሉ ወደሷ ይመጣል። እሷ እስከ አጥንቱ ትገፍፈዋለች፣ የላላውን እንጨት ታጠብቃለች፣ አዲስ ስፖንጅና አዲስ ጨርቅ አልብሳ ለባለቤቱ ትመልሳለች። ሙያውንም ሱቁንም ያወረሳት አባቷ ነው። ሱቁ መንገዱን የሚያይ አንድ ሰፊ ክፍል ነው፤ ከኋላው ስፖንጅና ጥቅል ጨርቅ የሚታጨቅባት መስኮት የሌላት ጓዳ አለች፤ ፎቁ ላይ ደግሞ ከታናሽ እህቷ ጋር የሚኖሩባቸው ክፍሎች። እህትየው በመኪና ትሰፋለች፣ አልባሿ ትወጥራለች፣ ትመታለች። ሁለቱም ያለ ባል ነው የሚኖሩት። የእህትየው ባል ሞቶ ነው፣ የአልባሿ ግን ጥሏት ሄዶ። ይህ ነገር በተነሳ ቁጥር ምላሷ ምላጭ የሆነው እህቷ፣ "የኔስ ቢያንስ አድራሻው ይታወቃል" ትላለች።

የአልባሿ ባል ቤት ቀለም ቀቢ ነበር። የሄደ ዕለት ጠዋት ሻንጣውን አንጠልጥሎ ከፎቅ ወረደና የሱቁ በር ላይ ቆመ። እሷ አንድ ወንበር ላይ አጎንብሳ ጨርቅ ትወጥር ነበር። ያን ሰሞን ሳይነጋገሩ ነው የከረሙት፤ እንደሚሄድም ታውቃለች። አንድ ነገር እንድትለው የፈለገ ይመስል ትንሽ ቆየ። ኩራት ያዛትና ቀና ሳትል ቀረች። ቀና ስትል በሩ ባዶ ነበር። ከዚያ ወዲያ ሌላ ከተማ ሌላ ሚስት አግብቶ፣ ልጆችም ወልዶ እንደሚኖር በሰው በሰው ሰማች። ይህ ከሆነ ከሃያ ዓመት በላይ አልፎታል። ይህን ሁሉ ዘመን ያቺን ጠዋት ስታገላብጣት ኖራለች። ምን ብለው ኖሮ ይቀር ነበር? ስፖንጅ እየቆረጠች ቃል ትመርጣለች፣ ጨርቅ እየወጠረች ያንኑ ቃል ትጥላለች። አንዳንዴ "አትሂድ" ትለዋለች፣ አንዳንዴ ትሰድበዋለች፣ አንዳንዴ እግሩ ላይ ትወድቃለች። ይህን ለማንም ተናግራ አታውቅም፤ ለእህቷ እንኳ ነገሩ ድሮ የተረሳ ነው የሚመስላት።

በዚያ አገር ጊዜ ቀጥ ብሎ አይሄድም። ባላ ያወጣል። አንድ ነገር ወይ እንዲህ ወይ እንዲያ በሚሆንበት ቅጽበት፣ አንዳንዴ ሁለቱም ይሆናሉ፤ ዓለሙ እንደ ባላ እንጨት ለሁለት ይከፈልና እያንዳንዱ ቅርንጫፍ በየፊናው ያድጋል፤ ቅርንጫፉም በተራው ሌላ ባላ ያወጣል። ስንት ዓለም ጎን ለጎን እንደቆመ የሚያውቅ የለም። ቅርንጫፎቹ አይተያዩም። ነገር ግን ነፋስ እንደሚመታው ዛፍ፣ አልፎ አልፎ ሁለቱ ዘንበል ይሉና ይነካካሉ። ያኔ የሆነ ቦታ ላይ፣ በአንድ ሰው ቁም ሣጥን ጀርባ ወይም በአንድ ደረጃ ሥር፣ መተላለፊያ ይከፈታል። ለቀናትም ለሳምንታትም ክፍት ሊቆይ ይችላል። ሲዘጋ ግን ማንም ሰው በተገኘበት ይቀራል፤ አንዴ የተላቀቁ ቅርንጫፎች ተመልሰው ሲነካኩ ያየ የለም።

የሰፈሩ ሰው ዝናብን እንደሚለምድ ይህንንም ለምዶታል። ምልክቱን ያውቃል። ባላው ሲነካካ ፀጉር አስተካካዩ ጠዋት የላጨው ደንበኛ ከሰዓት ጺሙን አንዠርግጎ ይመጣበታል። አንድ ግድግዳ ላይ የተሰቀሉ ሁለት ሰዓቶች ይጣላሉ። አንዲት ጎረቤት ገዝታው የማታውቀውን ካፖርት በሯ ላይ ተሰቅሎ አግኝታ ብርዱን ሁሉ ለብሳው ከርማለች። ሊዘጋ ሲል ደግሞ ድምፅ ወደ ኋላ ይቀራል፤ የሰዉ ከንፈር ይንቀሳቀስና ቃሉ ዘግየት ብሎ ይሰማል። ያን ጊዜ ማዶ ጉዳይ ያለው ይሯሯጣል፣ የሌለው በሌላው ይስቃል።

ያን ሰሞን ሰዓቶቹ መጣላት ጀምረው ነበር። እህትየው ክር ልትገዛ ወጥታ፣ አልባሿ የአንድ ትልቅ ሶፋ ጀርባ እየገፈፈች ሳለ፣ ጓዳ ውስጥ የስፖንጅ ጥቅል ሲወድቅ ሰማች። ቀጥሎ ሰው አሳለ። ዘወር ስትል ባሏ የጓዳው በር ላይ ቆሟል። ሸብቷል፣ ከስቷል፣ ኮቱ ላይ የስፖንጅ ብናኝ ተለጥፎበታል። መቀሷን እንደያዘች የሶፋው አጽም ላይ ቁጭ አለች።

"ከየት ገባህ?" አለችው።

"ከጓዳ።"

"ጓዳው ሌላ በር የለውም።"

"አሁን አለው" አለ። ድምፁ ያው የድሮው ነው፣ ትንሽ ሻከር ከማለቱ በቀር። "እኔ የሄደው አይደለሁም። የቀረሁት ነኝ።"

ቁጭ ብሎ ነገራት። ያቺ ጠዋት ባላ አውጥታ ኖሯል። በሷ ቅርንጫፍ ሄደ፤ በሱ ቅርንጫፍ ቀረ። እዚያ ማዶ ከሷው ጋር፣ ከሌላዋ እሷ ጋር፣ ይህን ሁሉ ዓመት አብሮ ኖሯል። ሴት ልጅ ወልደዋል። ባለፈው ዓመት ሚስቱ ታመመችና ብዙም ሳትቆይ ሞተች። ከዚያ ወዲህ ቤቱ ውስጥ መተንፈስ አቅቶታል። በቀደም የሟቿን ቁም ሣጥን ከግድግዳው ፈቀቅ ሲያደርግ ከጀርባው ጨለም ያለ ክፍል አየ፣ ከክፍሉም ወዲያ የመዶሻ ድምፅ ሰማ። ዓመታቱ ቢርቁም የመዶሻዋን አመታት አወቀው። ይህን ሲናገር እንባው በጺሙ ላይ ወረደ፤ አልባሿ ይህ ሰው ሲያለቅስ አይታ ስለማታውቅ የምትሆነው ጠፋት።

እህትየው ክሯን ይዛ ስትመለስ ሰውየውን አየችና ቦርሳዋን አስቀመጠች። አልጮኸችም።

"የትኛው ነው?" አለች ወደ እህቷ ዞራ።

"የቀረው።"

"እሷስ? እሱ የቀረላት?"

"ሞታለች።"

"እሱ ቀርቶላትም አልዳነቻ!" አለችና መስፊያ መኪናዋ ላይ ተቀመጠች።

በኋላ ብቻቸውን ሲሆኑ እህትየው ብዙ ተናገረች። ሰውየው ቅርንጫፍ ቀየረ እንጂ አመሉን የቀየረ መሆኑን በምን ታውቂያለሽ፣ የሐዘን ቤት ጥሎ የሚመጣ ሰው የራሱ ጣጣ አለበት፣ ከፈለገ ሻይ ጠጥቶ በመጣበት ይመለስ አለቻት። ማታ ሰውየው በቀስታ ደረጃውን ሲወጣ አልባሿ ብርድ ልብስ አወጣችለት።

የመጀመሪያዎቹ ቀናት እንደ ሕልም አለፉ። ቀቢው ሳትነግረው የትኛው ትከሻዋ እንደሚያማት ያውቃል፤ መዶሻዋን አስቀምጣ ስትንጠራራ ከኋላዋ መጥቶ ልክ ቦታውን ያሽላታል። የሱቁን ግድግዳ ፍቆ ነጣ ባለ ቀለም ቀባላት። ሻይዋ ላይ ስኳር ያበዛል፤ ስኳር ከተወች ቆይታለች፣ ግን ምንም ሳትል ጠጣችው። ጨርቅ ልትገዛ ስትወጣ አብሯት ይወጣል፣ ጥቅሉን ይሸከምላታል፤ የመንገዱ ሰው ዞር ብሎ ሲያያት አንጀቷ ቅቤ ይጠጣል። ጥላት የሄደውን ሰው ለሚያስታውሱ ሁሉ ይኸው ማለት ያምራታል። እህቷ እንኳ አንድ ቀን፣ መቼስ ቀለም መቀባት ይችላል ብላ መሰከረችለት።

ነገሩ መሻከር የጀመረው በስም ነው። "ሳቂታዬ" ይላታል። መጀመሪያ ሲጠራት ማንን ነው ብላ ዞራ አየች። በዕድሜዋ ሳቂታ ብሏት የሚያውቅ የለም፤ ፊቷን ዓይቶ ሳይከራከር የሚከፍላት እንጂ የሚቀልድ ደንበኛ እንኳ አጋጥሟት አያውቅም። ማዶ ያለችው ግን ትስቅ ኖሯል። በምንም በምኑም ትስቅ ነበር አላት፤ ዳቦ ሲያርርባት፣ ዝናብ ሲያበሰብሳት። ዘፈን ትወድ ነበር። ወፈር ያለች ነበረች። ይህን ሶፋ ማልበስ የሚሉትን አቧራም ልጅቷ ስትወለድ ትታዋለች።

"ተወችው?" አለች አልባሿ።

"ምን ያደርግላታል? ሱቁን ሳሎን አደረግነው።"

ከኮቱ የውስጥ ኪስ ፎቶ አወጣ። አንዲት ሴት አረንጓዴ ቀሚስ ለብሳ፣ አንገቷን ወደ ኋላ ጥላ ትስቃለች፤ አጠገቧ ለጋ ልጃገረድ ታቅፋታለች። አልባሿ የራሷን ጥርስ፣ የራሷን ግንባር አየች። ያን ሳቅ ግን አታውቀውም። ፎቶውን ከመለሰችለት በኋላ ደረጃው ላይ ቁጭ ብላ ቀረች። ሰው በጎረቤቱ ይቀናል፣ በእህቱ ይቀናል፤ እሷ በራሷ ቀናች፣ ለዚያውም በሞተችው። ልጅቷ የት ናት ስትለው፣ አድጋለች፣ ሥራ ይዛለች፣ ራሷን ችላለች ብሎ ወሬ ቀየረ።

ከዚያ ወዲያ ያደረገችውን ሁሉ በኋላ ስታስበው ፊቷ ይቃጠላል። መስታወት ፊት ቆማ ለመሳቅ ሞከረች። ሬዲዮ ከፍታ መሥራት ጀመረች። አንድ ከሰዓት አረንጓዴ ጨርቅ ቆርጣ ያንኑ ቀሚስ ሰፋች፤ ልኬቱን ከፎቶው በዓይኗ ወስዳ ነው፣ እጇ እንደሆነ አይስትም። እህቷ ከመኪናዋ ቀና ብላ አየቻትና ወደ ስፌቷ ተመለሰች። አልባሿ ቀሚሱን ለብሳ ከፎቅ ስትወርድ ቀቢው ብሩሹን እያጠበ ነበር። ሲያያት ፊቱ በራ፤ እንደዚያ በርቶ አይታው አታውቅም። ከዚያ ዓይኑ ከቀሚሱ ወደ ፊቷ ሲወጣ፣ ብርሃኑ እያየችው ጠፋ።

"አቋሟ እንዲህ አልነበረም" አለ። ክፋት አልነበረበትም፤ የሚያዝን ሰው ድምፅ ነው። "አንቺ ስትቆሚ ለመምታት እንደተዘጋጀሽ ነው።"

ቀሚሱን አወለቀችና ለመጥረጊያ ጨርቅ ቆራረጠችው።

በማግስቱ ሻይ እየጠጡ፣ ያን ሁሉ ዘመን በሆዷ የያዘችውን ጠየቀችው። ሌላ ምንም ባይሰጣት ይህን ይስጣት ብላ ነው።

"ያን ዕለት ጠዋት ምን ብላህ ነው የቀረኸው?"

"የቱን ዕለት?"

"ሻንጣህን ይዘህ የወረድክ ዕለት። እዚያ ማዶ፣ እሷ ምን አለችህ?"

ለማስታወስ ጊዜ ወሰደበት። ይህ ብቻውን እንደ እሳት ለበለባት።

"ምንም አላለችኝም" አለ በመጨረሻ። "አጎንብሳ ትሠራ ነበር። ወጣሁና መናኸሪያ ሄድኩ። አውቶቡሱ ተበላሽቷል፣ ነገ ኑ አሉን። ዝናብ መጣ። ሻንጣ ይዤ ከምበሰብስ ቤቴ ልደር ብዬ ተመለስኩ፤ በነጋታው ደግሞ ጉንፋን ጣለኝ።"

"ከዚያስ?"

"ከዚያማ እሄዳለሁ እሄዳለሁ እያልኩ ከረምኩ። በመሃል ልጅቷ ተፀነሰች። የወደድኳት ከዚያ በኋላ ነው፣ ቀስ እያለ ነው የመጣው። መጨረሻ ላይማ ያለሷ እህል አይወርድልኝም ነበር።"

ይህን የነገራት ደስ ይላታል ብሎ ነው። ኩባያውን አስቀምጦ እጇን ያዘ። እሷ እጇን አልነጠቀችም፤ የሷ እጅም አልመስል ብሏት ነበር። ስንት ቃል መርጣለች፣ ስንቱን ጥላለች፤ ለካ ማዶ ያለችውም አንዲት ቃል አልተነፈሰችም። ልዩነታቸው አንድ የተበላሸ አውቶቡስ ነው። የሷው አውቶቡስ ደህና ስለነበረ ብቻ ሳትስቅ፣ ሳትወፍር፣ ሳትወልድ ኖረች። ጥፋቱ የሷ ቢሆን ኖሮ ይሻላት ነበር፤ ጥፋት እንኳ የራስ ነው።

ሥራዋ ላይ ተመለሰች። ለቀናት እሱን ቀና ብላ አላየችውም። እሱም ወይ አልገባውም ወይ እንዳልገባው ሆነ፤ ይበላል፣ ይተኛል፣ ፎቶውን ያያል።

ከዚያ አንድ ቀን ጠዋት ዳቦ ሻጯ "እንደምን አደርሽ" ስትላት፣ ከንፈሯ ቀድሞ ቃሉ ትንሽ ዘግይቶ ደረሰ። ባላው ሊላቀቅ ነው። አልባሿ ዳቦውን እንደታቀፈች መንገድ ላይ ቆማ አሰበች። ስለ ሰውየው አልነበረም ያሰበችው፤ ስለ ልጅቷ ነው። እዚያ ማዶ ከሷ ሆድ የወጣች፣ ከሷም ያልወጣች አንዲት ልጅ አለች፤ ግድግዳው ከተዘጋ እስከ ወዲያኛው አታያትም። ቀቢውን አብረን ሄደን እንያት ብትለው ደነገጠ፤ ድንገት ቢዘጋስ አላት፣ ልጅቷስ ትረበሻለች፣ ደግሞ ቤት አትገኝም። ምክንያት ሲያበዛ ጠረጠረች። እሱ ጸሐይ ሊሞቅ ሲወጣ፣ የስፖንጁን ጥቅል ገፋ አድርጋ ብቻዋን ገባች።

ጓዳው ግድግዳ ሊሆን በሚገባው ቦታ ላይ ቀጠለ፤ ጥቂት እርምጃ በጨለማ፣ ከዚያ የቁም ሣጥን ጀርባ። ገፋ አድርጋው መኝታ ክፍል ውስጥ ወጣች፤ የስፖንጅ ጓዳዋ እዚህ መኝታ ቤት ሆናለች። አልጋው ተነጥፏል፣ ከላዩ አቧራ አለው፤ ከቀብሩ በኋላ በቅጡ የገባበት ያለ አይመስልም። በሩን ከፍታ አልባሿ የገዛ ሱቋ ውስጥ ቆመች። ሱቁ ሳሎን ሆኗል። የአባቷ መሥሪያ ጠረጴዛ የምግብ ጠረጴዛ ሆኖ የፕላስቲክ ልብስ ለብሷል። ሶፋው ላይ እጇ ሳታዝዘው አረፈ፤ ጨርቁ ተላልቷል፣ ማዕዘኑ ላይ እንደ ነገሩ ተሰፍቷል። ሶፋው ዳር ላይ የአውቶቡስ ትኬት ቆራጭ ደንብ ልብስ የለበሰች ልጅ አጎንብሳ የጫማዋን ማሰሪያ ታስራለች።

ልጅቷ ቀና አለች። ፊቷ አመድ መሰለ።

"እማዬ" አለች። አልባሿ ከንፈሯ ቀድሞ ሲንቀሳቀስ አየች፣ ቃሉ በኋላ መጣ።

ልጅቷ ከላይ እስከ ታች አየቻት፤ እጇን፣ አቧራማ ሽርጧን፣ አቋሟን።

"አይ። እርስዎ እማዬ አይደሉም" አለች። "ባላው ነክቶ ነው?"

"አዎ፣ ልጄ።"

አንቺ መባልን የጠበቀች አልነበረችም፤ ቢሆንም ያ "እርስዎ" የሆነ ቦታ ላይ ወጋት። ልጅቷ ግን የዘገየውን ድምፅ አላስተዋለችም፤ ሌላ ነገር እየተረዳች ነበር። ዓይኗ ወደ መኝታ ቤቱ በር ሄደና ተመለሰ።

"አባዬ እርስዎ ጋ ነው ያለው?"

አልባሿ አዎ ብላ ራሷን ነቀነቀች። ልጅቷ አንዱን ጫማ ሳታስር ተቀመጠች። ዳቦ ልግዛ ብሎ ከወጣ በኋላ አልተመለሰም አለቻት። ፖሊስ ጋ ሄዳለች። በየሆስፒታሉ ዞራለች፣ ሬሳ ክፍል ድረስ ገብታ የማታውቃቸውን ሰዎች ፊት ተገልጦላት አይታለች። የእናቷ ክፍል መግባት ስለማይሆንላት ቁም ሣጥኑን አላየችም፤ ከሱ በቀር ያቺን ክፍል የሚከፍት የለም። ይህን ሁሉ ስትናገር አላለቀሰችም። ድምፁ ከፊቷ ኋላ ኋላ እየመጣ፣ ሌላ ሰው የሚናገርላት ይመስል ነበር።

"ደህና ነው?" አለች።

"ደህና ነው። ይበላል፣ ይተኛል።"

"እኔን ማየት ከብዶት ነው። እማዬን እመስላለሁ ይላል።" አልባሿን አየቻት። "እርስዎም ይመስሏታል፤ ግን ፊቱ ቁጭ ብለው ስለ እማዬ አያዝኑበትም።"

አልባሿ ቀርባ እጇን ያዘቻት። ልጅቷ የእጇን መዳፍ ገልብጣ በመርፌና በመዶሻ የሻከረውን ቆዳ በአውራ ጣቷ ነካችው። የእማዬ እጅ ለስላሳ ነበር አለች፤ ግን ወዲያው አልለቀቀችውም። አልባሿ እዚያው ልትቀር አሰበች። እውነት ነው፣ አስባለች። ልጅቷ ግን እናት አልጠየቀቻትም።

"አሁኑኑ እልክልሻለሁ" አለቻት።

"ካልፈለገ አያስገድዱት። ብቻ ይምጣና በአፉ ይንገረኝ። ዛሬ ሥራ አልገባም፣ እዚህ እጠብቀዋለሁ።"

አልባሿ በመጣችበት ተመለሰች። ከጓዳው ስትወጣ፣ ለሰውየው የምትለው ሁሉ አፏ ላይ ነበር። ቀቢው ሱቁ ውስጥ፣ ጨርሳ ያስቀመጠችው አንድ ባለ ክንፍ ወንበር ፊት ተንበርክኮ፣ ጣቱን በስፌቱ ላይ ያንሸራትት ነበር። ከየት እንደመጣች ልብ አላለም፤ ስፖንጅ ፍለጋ ጓዳ የገባች ነው የመሰለው።

"ከገባሁ ጀምሮ ይህን ነው የማየው" አላት። "ስፌቱ የት እንደሚጀምር እንኳ አይታወቅም። እሷ እንዲህ ያለ ነገር አልሠራችም። እኔ አንቺን እስካሁን አላየሁሽም፣ አልባሿ።"

ሳቂታዬ አላላትም። ሰው ሁሉ በሚጠራት ስም ነው የጠራት፣ የራሷ በሆነው። ዓይኑም እሷ ላይ ነበር፤ ከጀርባዋ ማንም አልቆመም።

ማታ እነግረዋለሁ አለች በልቧ። ድምፁ መዘግየት የጀመረው ገና ዛሬ ነው፤ ባለፈው ጊዜ ከጀመረ በኋላ ቀናት ቆይቷል። አንድ ምሽት ምን ያመጣል? ልጅቷስ ይህን ያህል ጠብቃ የለ፣ አንድ ቀን ብትጨምር። እንዲህ አለች። ምሽቱን አብረው በሉ፤ ስለ ስፕሪንግ፣ ስለ እንጨት ዓይነት ጠየቃት፣ እሷም ነገረችው። አንዴ አንድ ነገር ብሎ አሳቃት። ሳቋ የፎቶዋ ሴት ሳቅ አልነበረም፤ ደረቅ ነው፣ አጭር ነው፣ ግን የራሷ ነበር። ማታም ሳትነግረው ተኛች።

ጠዋት እህቷ በር ላይ ቆማ "ሻይ ፈልቷል" አለቻት። ከንፈሯና ቃሉ አንድ ላይ ነበሩ። አልባሿ ባዶ እግሯን ደረጃውን ወረደች። የስፖንጁን ጥቅል ጎትታ ጣለችው። ከኋላው አባቷ የለሰነው ግድግዳ ነበር፣ ስንጥቁ ሳይቀር። በመዳፏ ደበደበችው፣ ከዚያ በመዶሻ። ልስኑ ረገፈ፣ ጡብ ወጣ። በጡቡ ወዲያ የጎረቤት ግቢ ነው ያለው፤ የጎረቤት ውሻ ጮኸ።

ድምፁን ሰምቶ ቀቢው ሲወርድ፣ ሁሉንም ነገረችው። ልጅቷን እንዳየች፣ ምን እንዳለች፣ ሬሳ ክፍል ድረስ እንደፈለገችው፣ እጠብቀዋለሁ እንዳለች። ቆሞ ሰማት። መጀመሪያ ፊቱ ላይ የመጣውን ነገር አየችው። ለአፍታ ብቻ ነው፣ ግን እንጨት እንደምታውቅ ሁሉ የሰው ፊትም ታውቃለች፤ ከትከሻው ሸክም የወረደለት ሰው ፊት ነበር። ከዚያ ፊቱ ተለወጠ።

"ትናንት ነው ያየሻት?"

"ትናንት።"

"ታዲያ ለምን ትናንት አልነገርሽኝም?" አለ። "ብትነግሪኝ እሄድ ነበር።"

አትሄድም ነበር ልትለው ፈለገች። ግን በምን ታሳምነዋለች? ያ ቀን ዳግመኛ አይመጣም። ምናልባት የሆነ ቦታ፣ በሌላ ቅርንጫፍ፣ ነግራው ሄዷል፤ ወይም ነግራው ቁጭ ብሎ ሻይ ጠጥቷል። በዚህኛው ግን አልነገረችውም። ይህን ይዞ ቀረ፣ እንደ ርስት።

ይህ ከሆነ ከረመ። ቀቢው ለሰፈሩ ሰው ሲያወራ፣ ልጄ ጋ ልመለስ ስል ሚስቴ ደብቃኝ በር ተዘጋብኝ ይላል፤ ሲደጋግመው ራሱም አምኖታል። ይህን ያልሰሙ ደንበኞች ደግሞ የጠፋው ባልሽ ተመለሰ አሉ፣ ታድለሽ ይሏታል። እሱ ሥራ ሲገኝ ይሠራል፣ ሳይገኝ ይተኛል፤ በተጣሉ ቁጥር ነገሩ ዞሮ ዞሮ እዚያች ምሽት ላይ ያርፋል። ወንበሩን ያደነቀ ዕለት የነበረው ዓይን ተመልሶ አልመጣም። አልባሿ ትኬት ቆራጭ ያለበት አውቶቡስ አትሳፈርም፤ ጥቅል ጨርቅ ተሸክማ በእግሯ ትሄዳለች።

አንድ ከሰዓት ሰውየው ፎቅ ላይ ተኝቶ ሳለ፣ እህትየው መስፊያ መኪናዋን አቆመች።

"እትዬ፣ ምን እየጠበቅሽ ነው? አስወጪው" አለቻት።

አልባሿ ስፕሪንግ እያሰረች ነበር። ገመዱን ሳብ አድርጋ ቋጠረችው፣ ቀጥሎም ሌላውን።

"ካስወጣሁት፣ ያቺን ልጅ አባቷን የከለከልኳት ለምን ብዬ ነው?"

እህትየው መርፌው ላይ ክር ለማስገባት አጎነበሰች፤ ዓይኗ ደክሟል፣ ደጋግማ ሳተችው። ከላይ ሰውየው ተነስቶ ኖሮ፣ ሻይ አለ ወይ ብሎ ተጣራ። አልባሿ መዶሻዋን አስቀመጠችና ውሃ ልትጥድ ወጣች።